በሰብለ ሴሚናር ላይ እጄን ያወጣሁ ቀን

ባለፈው ወር እዚህ ፍራንክፈርት፣ ቬስትኤንድ ወዳለው ዩኒቨርሲቲ ሦስት ትሪ ሳምቡሳ አደረስኩ። ያዘዘችኝ የአንድ ወዳጄ ልጅ ናት፤ የተማሪዎች ዝግጅት ነበራቸው። በአማርኛ ሳናግራት በጀርመንኛ ነው የምትመልስልኝ፤ ስለ ሳምቡሳ ሲሆን ግን በደንብ እንግባባለን። ትሪዎቹን ኮሪደር ላይ ካለው ጠረጴዛ አሳርፌ ልወጣ ስል፣ በሩ ገርበብ ካለ ክፍል አንዲት ተማሪ በእንግሊዝኛ ወረቀት ስታነብ ሰማሁ። ሁለት ልብ ወለድ ታነጻጽራለች፤ አንዱ እንግሊዝ አገር የተጻፈ፣ ሌላው እንግሊዝ ትገዛው በነበረ አገር። ቆሜ አዳመጥኳት። ከውስጥ አንድ ጎረምሳ አየኝና ባዶ ወንበር እያሳየ “ይግቡ” አለኝ። መኪናዬን የማይቆምበት ቦታ አቁሜያለሁ ብዬ ወጣሁ። መኪናዬ የቆመችው በትክክለኛው ቦታ ነበር። እንደዚያ ያለ ክፍል አንዴ ገብቼ አውቃለሁ፤ እሱ ይበቃኛል።

ነገሩ የሆነው በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ መጀመሪያ ነው፤ የአሜሪካን ወታደሮች ገና ከፍራንክፈርት ጠቅልለው ሳይወጡ። ሃያ ስምንት ዓመቴ ነበር። ቅዳሜ ቅዳሜ ማይን ወንዝ ዳር በሚቆመው የአሮጌ ዕቃ ገበያ ጠረጴዛ ዘርግቼ ሸማ፣ የቆዳ ቦርሳና ከእንጨት የተፈለፈለ ጭምብል እሸጥ ነበር። ሸማውና ቦርሳው ከአገር ቤት የመጡ ናቸው። ጭምብሉን ከአንድ የሴኔጋል ነጋዴ በጅምላ ነበር የማነሳው፤ ከየት ነው ብሎ ለሚጠይቀኝ ጀርመን ግን የኢትዮጵያ ነው እለዋለሁ። ሰውየው ገና ኢትዮጵያን ከካርታ ላይ ሳያገኝ ሌላ አገር መጨመር ነገር ማወሳሰብ ይመስለኝ ነበር። ትምህርቴ ስምንተኛ ክፍል ላይ ቆሟል። ጀርመንኛዬን ከደንበኛ፣ እንግሊዝኛዬን ከወታደር ስለለቀምኩ፣ በእንግሊዝኛ ጨዋ ልሁን ስል እንኳ ስድብ ሾልኮ ይወጣብኛል።

ሰብለ ደግሞ ዩኒቨርሲቲ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ታጠና ነበር። የምትኖረው ጊንሃይም የሚባል ሰፈር ከአክስቷ ከወይዘሮ አስካለ ጋር ነው። ሁለት ዓመት አብረን ከርመን፣ በዚያ ታኅሣሥ ሽማግሌ ወደ አክስቷ ልልክ ተስማምተናል። ተስማምተናል ስል፣ እኔ ጠየቅኩ፣ እሷ “እስቲ መጀመሪያ ይቺን ረፈራት ልገላገልና” አለች። ረፈራት የሚሉት ተማሪ ክፍል ፊት ቆሞ የሚያቀርበውን ጥናት ነው። እኔ በበኩሌ እሺ እንዳለችኝ ቆጥሬ፣ ከረፈራቷ በኋላ ላለው እሁድ ሁለት ሽማግሌ አዘጋጀሁ።

ቅዳሜ ከሰዓት፣ ገበያው ሲቀዘቅዝ፣ ከጠረጴዛዬ ጀርባ ያለው የእንጨት ሳጥን ላይ ተቀምጣ ጥናቷን ታስረዳኛለች። በአማርኛ ነው። “ላንተ በአማርኛ ካልገባህ፣ ለእኔም በእንግሊዝኛ አልገባኝም ማለት ነው” ትል ነበር። ይህ ሙገሳ ይሁን ስድብ እስከ ዛሬ አልለየሁትም። የነቢያት ጾም ስለገባ፣ ምሳዋ ጀርመኖች ማሮነ የሚሉት፣ በከሰል የተጠበሰው የዛፍ ፍሬ ነው። ትኩሱን እየላጠች ጣቷን እፍ ትላለች፣ መልሳ ታወራለች።

“አንደኛውን የጻፈው እንግሊዛዊ ነው” አለችኝ አንድ ቅዳሜ። “አፍሪካ ውስጥ የተሾመ የወረዳ ገዥ አለ። ወባ ይይዘዋል፣ ይተክዛል፣ ወንዙን ያያል። አንድ አብሳይ አለው። መጽሐፉ እስኪያልቅ አብሳዩ ሻይ ያመጣል።”

“ስሙ ማነው?”

“ስም የለውማ! ነገሩ እኮ እሱ ነው። ሁለተኛውን የጻፈው ግን የዚያው አገር ሰው ነው፤ የአብሳዩን ታሪክ። ሚስት አለው፣ የመሬት ክርክር አለው፣ ቂም አለው። ገዥው አራት ጊዜ ብቻ ብቅ ይላል።”

“ምን ሊያደርግ?”

“ሻይ ሊጠይቅ።”

ሳቅን። ቀጥላ ግን ፊቷ ጠቆር አለ። “ሁሉም የሚጽፈው፣ ሁለተኛው ለአንደኛው መልስ ነው እያለ ነው። እሺ፣ ነው። ግን ሁልጊዜ መልስ ብቻ ከሆነ፣ ጥያቄውን የሚጠይቀው እንግሊዙ ሆኖ ቀረ። የመሬቱ ክርክርስ? ከሚስቱ ጋር ያላቸው ነገርስ? እሱ ለማንም መልስ አይደለም። ይሄን እንዴት እንደማሳይ ጠፋኝ።”

“እኔ ሸማን ከፋብሪካ ጨርቅ አጠገብ አልዘረጋም” አልኳት፣ ለራሴ ያህል። “ከፋብሪካው አጠገብ ካደረግኩት ገዢው የሚያየው የክሩን ጉብታ ነው፤ ለምን አልተስተካከለም ይለኛል። ከሌላ ሸማ አጠገብ ስዘረጋው ግን ጥለቱን ያያል።”

ማኘኳን አቆመች። “ድገመው።”

ደገምኩት። ብድግ ብላ የማሮነውን ወረቀት ከረጢት ገልብጣ መጻፍ ጀመረች። “ሦስተኛ መጽሐፍ ነው የሚያስፈልገኝ! ከሕንድ፣ ከካሪቢያን… በእንግሊዝኛ የተጻፈ፣ እንግሊዝን ግን ቀና ብሎ የማያይ። እሱንና የአብሳዩን አጠገብ ለአጠገብ!” ከዚያ በገበያው መሀል ጉንጬን ሳመችኝ። በሕይወቴ ብዙ ሸማ ሸጫለሁ፤ እንደዚያ ቀን የተከፈለኝ የለም።

እዚህ ላይ ብንቆም ጥሩ ነበር። ግን ኳሜ አለ።

ኳሜ ረፈራቱን አብሯት የሚያቀርብ የጋና ተማሪ ነው። የእንግሊዙን መጽሐፍ እሱ፣ የአፍሪካውን እሷ ተካፍለዋል። ሰብለ አፏን በከፈተች ቁጥር፣ ኳሜ እንዲህ አለ፣ ኳሜ ሳቀ፣ ኳሜን ጉንፋን ያዘው። የሰው ጉንፋን ያስቀናል ወይ ብትሉኝ፣ ያስቀናል፤ ዝንጅብሉን ማን አፈላለት የሚል ጥያቄ ይዞ ይመጣል። አንድ ቅዳሜ እሷን ፍለጋ ጠረጴዛዬ ጋ መጣ። ረጅም ነው፤ ድምፁ ለስላሳ፤ ክርኑ ላይ የተጣፈ አረንጓዴ ሹራብ ለብሷል። የተጣፈ ሹራብ ያምርበታል፤ በዚህ ነው የጠላሁት።

ልክ ሲደርስ ለአንዲት ጀርመናዊት ጭምብል እያሳየሁ፣ የእናቴ መንደር ሰዎች የሚሠሩት ነው እያልኩ ነበር። ኳሜ ጭምብሉን አየ፤ እኔን አየ። ሴትዮዋ ይዛው ስትሄድ ጠጋ ብሎ፣ “እነዚህን የሚፈለፍሉት የአያቴ ከተማ ሰዎች ናቸው” አለኝ። “ጥሩ ሠሪዎች ናቸው።” ለሰብለ ይነግራታል ብዬ ሳምንቱን ሙሉ ጠበቅኩ። አልነገራትም። ቢያጋልጠኝ እንዴት ደስ ባለኝ፤ በወጉ እጠላው ነበር።

ረፈራቱ ማክሰኞ ከሰዓት ነበር። ለሰብለ አልነገርኳትም። ለሽማግሌዎቹ ቀን ያዘጋጀሁትን ሙሉ ልብስ ለብሼ ሄድኩ። ያኔ የእንግሊዝኛ ክፍሉ ያለው ቬስትኤንድ ውስጥ፣ ደረጃው በሚንቋቋ አሮጌ ቤት ነው። ውጭ ያካፋል፤ ክፍሉ እርጥብ ካፖርት ካፖርት ይሸታል። ሃያ ያህል ተማሪ ነበር። ፕሮፌሰሯ ፀጉሯን አጭር የተቆረጠች ሽበታም ሴት ናት። ከኋላ ተቀመጥኩ። ሰብለ ስታየኝ ደንገጥ አለች፤ ቀጥላ ፈገግ አለች። ያቺን ፈገግታ አሁንም አያታለሁ።

ኳሜ ጀመረ። በደንብ ነው የሚናገረው። በመሀል አንድ ነገር በጆሮዋ ሹክ አላት፤ ሳቀች። ውኃ ቀዳላት። ወረቀት ስታቀብለው እጇ እጅጌው ላይ አረፈ። ምን ያህል እንዳረፈ ሰዓት አልያዝኩም፤ ግን ብዙ ነው። ከዚያ ሰውየው፣ “እንግዲህ ሁለተኛው መጽሐፍ ለአንደኛው የተሰጠ መልስ ነው የሚለው የተለመደ ንባብ እዚህ ላይ ይደርሳል” ብሎ፣ ወደ እሷ ዞረና ተራውን ሊሰጣት ትንፋሽ ወሰደ።

እኔ እጄን አወጣሁ። እጅ ማውጣት ብቻም አይደለም፤ እንደ አገር ቤት ተማሪ ብድግ ብዬ ቆምኩ።

በወታደር እንግሊዝኛዬ አወራሁት። ሸማው ከፋብሪካ ጨርቅ አጠገብ ሲሆን፣ ከሸማ አጠገብ ሲሆን። ጉብታው፣ ጥለቱ። እዚያ ላይ ባቆም ደህና፤ የራሴ ነው። አላቆምኩም። ስለዚህ ሦስተኛ መጽሐፍ ያስፈልጋል አልኩ፤ ከሕንድ ወይ ከካሪቢያን፣ እንግሊዝን ቀና ብሎ የማያይ። አንድ ሁለት ስድብ ሳይገባበት አልቀረም።

ፕሮፌሰሯ መነጽሯን አወለቀች። “እርስዎ ማን ነዎት?”

“ነጋዴ ነኝ።”

ክፍሉ ሳቀ፤ ደግ ሳቅ ነው። ከዚያ በጣታቸው አንጓ ጠረጴዛውን ይቆረቁሩ ጀመር። ውጣ የሚሉኝ መስሎኝ ነበር፤ ለካ ጭብጨባቸው እንደዚያ ነው። ፕሮፌሰሯ እየጻፈች፣ “በዚህ ሴሚስተር የሰማሁት ምርጥ ነጥብ” አለች። ደረቴ ተነፋ። ኳሜን አየሁት፤ እሱ እኔን አያይም፤ ሰብለን ነው የሚያየው።

ሰብለ ወረቀቷን አንድ ገጽ ገለጠች፤ ሁለተኛ ገለጠች፤ ሦስተኛ። ከዚያ ሰብስባ ደፋችው። “ጌታው ብለውታል” አለች በእንግሊዝኛ። “የምጨምረው የለኝም።”

“ይቅርታ” አለ ኳሜ በዚያ ለስላሳ ድምፁ። “ይህ የሰብለ ሐሳብ ነው። ሦስት ሳምንት ሠርታበታለች። አቀራረባችን የተዋቀረው በሱ ላይ ነው።”

ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። አንድ አጭር ቃል ነበር የሚጠበቅብኝ። አዎ የእሷ ነው ማለት። በሦስት ቋንቋ እችለው ነበር። ግን የሚከራከርላት እሱ ሆነ፤ ሦስት ሳምንት መሥራቷን የሚያውቀው እሱ ሆነ።

“ሸማው የእኔ ነው” አልኩ።

በዚህ ጊዜ ጠረጴዛ የቆረቆረ የለም።

ደረጃው ሥር፣ ርጥብ ቅጠል በተነጠፈበት ግቢ ጠበቅኳት። ስትመጣ መጀመሪያ የወጣኝ ቃል ምን ቢሆን ጥሩ ነው? “ከኳሜ ጋር ምን አለሽ?”

ቆማ አየችኝ። “ምንም የለኝም። ከዛሬ በፊትም ምንም አልነበረኝም። ዛሬ ግን ቢኖረኝ ደስ ይለኝ ነበር።”

“እኔ እኮ ለአንቺ ብዬ…”

“ለእኔ ብለህ ነው ኳሜ ፊት የቆምከው?” ከወረቀቷ መጨረሻውን ገጽ ሳበችና ሰጠችኝ። “ይሄንን ላነብ ነበር። የአንተ ስለሆነ ውሰደው። እሁድ ሰው እንዳትልክ።”

ገጹን ባቡር ውስጥ አነበብኩት፤ ማንበብ ሳይሆን መታገል ነው። ከላይ ስሜ ከነአባቴ ስም ተጽፏል። የሚከተለውን ሐሳብ ያገኘሁት ከአንድ ነጋዴ ነው፣ ሸማ አጠገብ ለአጠገብ መዘርጋትን ያስተማረኝ እሱ ነው፣ ይላል። ያን ሁሉ ሰው ፊት ልታነሳኝ ነበር፤ እኔ ቀድሜ ተነሳሁ። የምወርድበትን ጣቢያ፣ ፕሮይንገስሃይምን፣ አልፌ ሄድኩ።

ከሽማግሌዎቹ አንዱ ጋሽ ተክለ ነበሩ፤ ጎረቤቴ፣ የአስመራ ሰው። ስልክ ደወልኩላቸው።

“ጋሼ፣ የእሁዱ ቀርቷል።”

“እንዴት ይቀራል? ፀጉሬን ልስተካከል ለነገ ቀጠሮ ይዣለሁ እኮ!”

“ይሰርዙት፣ ጋሼ።”

“ፀጉሬማ ያው ማደጉ አይቀርም። ምን ሆናችሁ ነው?”

“በመጽሐፍ ተጣላን።”

“ቀማሃት?”

እንዴት እንዳወቁ አልነገሩኝም።

እሷን ለመለመን ሁለት ጊዜ ጊንሃይም ሄጄ ወይዘሮ አስካለ በሩ ላይ በጨዋ ደንብ መለሱኝ። ኳሜ በዓመቱ አገሩ ገባ፤ ለብቻው። ሰብለ ትምህርቷን ጨርሳ ወደ ሰሜን ሄደች፤ እዚያ ዩኒቨርሲቲ ታስተምራለች ይሉኛል። ሁለታችንም ሳናገኛት ቀረን። ይህን በሰማሁ ጊዜ፣ እውነቱን ልናገር፣ በኳሜ ነገር ደስ አለኝ፤ ለእኔ ያልሆነች ለእሱም አልሆነች ብዬ። ደስታው ግን አንድ ሳምንትም አልቆየም።

አሁን ሱቅ አለኝ፤ ሚስት አለችኝ፤ ጉልበቴን ያመኛል። በዚህ ዕድሜ ቅናት የለቀቀኝ መስሎኝ ነበር። ባለፈው ወር እዚያ በር ላይ ቆሜ ያቺን ተማሪ ስሰማ ግን የት እንዳለ አገኘሁት። ያኔ ኳሜ እጅጌ ላይ ባረፈች እጅ ነበር የምቃጠለው፤ ዛሬ ያቺ እጅ ከቁም ነገርም አልቆጥራት። የሚያንገበግበኝ ሌላ ነው። ሰብለ የሆነ ቦታ፣ የሆነ ቅዳሜ፣ ገና ያልበሰለ ሐሳብ ይዛ “ይሄን እንዴት እንደማሳይ ጠፋኝ” የምትለው ሰው ይኖራል። ባል ይሁን፣ ጎረቤት ይሁን፣ ተማሪ ይሁን አላውቅም። በእሱ ነው የምቀናው። ደግሞም እመርቀዋለሁ፤ አፉን የሚዘጋ ሰው ያድርገው።