ለቢራቢሮ የተነፋ ጥሩምባ

መጻፍ የሚያውቅ ሰው ሞልቶ እኔ ብዕር በማንሳቴ ይቅርታ አድርጉልኝ። ፊደል የቆጠርኩት ጎልምሼ፣ በመሠረተ ትምህርት ነው፤ አንድ መስመር ስጽፍ ያልበኛል። ብቻ የእድራችንን ድንኳን የምተክለው እኔ ስለሆንኩ፣ የጥሩምባ ነፊያችንን የቢተውን ነገር በቅርብ አይቻለሁና እንደምንም ልሞክር።

ቢተው ቀን ቀን ኦሎምፒያ ሰፈር መንገድ ዳር ጫማ ይሰፋል። ድምፁ ቀጭን ነው፣ ጠጋ ካላሉት አይሰማም፤ ልብ የሚለውም የለም። ጎህ ሲቀድ ጥሩምባዋን ሲነፋ ግን ሰፈሩ በሙሉ ብድግ ይላል። እንዴት ልበል፣ ሰው የሆነው በሷ ነው።

አንድ አመል ነበረው። ማን ሞተ፣ በምን ሞተ ብሎ አይጠይቅም። «ያዘነን ሰው በጥያቄ አላደክምም» ይላል። ስም ከነገሩት ይለፍፋል፤ ካልነገሩት «ሐዘን አለ፣ ድረሱ» ብሎ ቤቱን ይጠቁማል።

በደርግ ጊዜ፣ አንድ ማለዳ ብርነሽ እየሮጠች መጣች። እዚሁ ሩዋንዳ በሚባለው ሰፈር ባለ የእንግዳ ማረፊያ የምታጸዳ ልጅ ናት።

«ጋሽ ቢተው፣ ፈረንጁ እንግዳችን ትንሽ ሣጥን አቅፎ ያለቅሳል። ‹ሞተች፣ አንድ እሷን ብቻ ነበር ያመጣሁት› ይላል።»

«እዚህ ወገን አለው?»

«ከየት መጥቶ? አውሮፕላን የሚጠብቅ መንገደኛ ነው።»

ሌላ አልጠየቀም። ነፋ።

ድንኳኑን ተሸክሜ ስደርስ ግቢው ሞልቷል። ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀዋል፣ ንፍሮ ተጥዷል። ፈረንጁ በፒጃማው በር ላይ ቆሞ ያየናል። የእድሩ ሊቀመንበር ጋሽ ዘርአጽዮን ቀረብ ብለው «እግዜር ያጥናዎት። ሟቿ ምንዎ ነበረች?» አሉት።

ሣጥኑን ከፈተ። ጥጥ ላይ አንዲት ቢራቢሮ ተኝታለች፤ ክንፏ ናፍጣ የፈሰሰበት ውሃ ይመስል ሰማያዊ ያብረቀርቃል። በሚችላት አማርኛ አስረዳን። ከሞቃት አገር፣ ባሕር መሐል ካለች ትንሽ ደሴት ነው ያመጣት። ከዚያች ደሴት በቀር የትም የለችም። ተጠቅልላ ከነበረችበት ሽፋን ወጥታ ገና ሳትበር የኛ ብርድ ገደላት።

ከኋላ ሥጋ ሻጩ ላጲሶ «ቀብሩ ስንት ሰዓት ነው?» አለ፤ ሰው ሣቁን በነጠላ አፈነ።

ጋሽ ዘርአጽዮን አልሳቁም፤ ወደ ቢተው ዞሩ። «ለቢራቢሮ ጥሩምባ? ያለ ፈቃድ ይህን ሁሉ ሰው ሰብስበህ፣ ቀበሌ ቢጠይቀኝ ምን ልል ነው? አምጣ። ከእንግዲህ ሌላ ሰው ይነፋታል።» ጥሩምባዋን ከብብቱ ወሰዷት። ቢተው እጁን የት እንደሚያደርገው ጠፋው።

ያኔ ከለቀስተኞቹ ሴቶች አንዷ፣ ጎረቤታችን እትዬ ተናኜ፣ መሬት ላይ ቁጭ አሉ። «ንፍሮ ተጥዶ፣ ነጠላ ተዘቅዝቆ ዝም ተብሎ አይኬድም» አሉና ማልቀስ ጀመሩ። «ሳትበሪ የቀረሽ፣ በሰው አገር ብርድ የበላሽ» እያሉ።

የሳቸው ልጅ በቀይ ሽብር ጊዜ ተገድሎ፣ እንዳያለቅሱ ተከልክለው ነበር። ሁላችንም እናውቃለን፤ ማናችንም አላነሳነውም። ሌሎቹ ሴቶችም እየተከተሉ ተቀመጡ። ፈረንጁ ለቢራቢሮዋ ይህን ያህል መለቀሱ አስደንግጦት፣ የራሱን ለቅሶ ተወና መሐረብ ያድል ጀመር።

እንባው ሲያልቅ እትዬ ተናኜ ንፍሮ እየቆረጠሙ «ዘርአጽዮን፣ ጥሩምባዋን ለባለቤቷ መልስ» አሉ።

«ቀበሌ ቢጠይቀኝስ?»

«ቢራቢሮ ናት በላቸው። እሷን ምን ያደርጓታል?»

ጋሽ ዘርአጽዮን መሬት መሬት እያዩ መለሱለት። «ሁለተኛ ግን ሳትጠይቅ እንዳትነፋ» አሉት።

በማግስቱ ጎህ ሲቀድ ጎረቤታችን ኃይለሚካኤል የቢተውን በር እያለቀሰ አንኳኳ። «አጎቴ አረፉ» አለ። ቢተው ጥሩምባዋን ይዞ ወጣ፣ ከንፈሩ ላይ አደረጋት፣ መልሶ አወረዳት። ወደ ኃይለሚካኤል ጆሮ ጠጋ ብሎ በዚያች ቀጭን ድምፁ «ይቅር በለኝ ወንድሜ፣ ሰው ናቸው አይደል?» አለው።

ሰው መሆናቸው ሲነገረው ነፋ።