የካርዷ የመጨረሻ ቁጥር

ሥራዬ ሐኪም የጻፈውን በሽታ ወደ ፊደልና ቁጥር መለወጥ ነው። አቃቂ ውስጥ ባለ አንድ ሆስፒታል ካርድ ክፍል ተቀምጬ፣ የዳነውም የሞተውም ሰው ካርድ እኔ ጋ ሲደርስ ከመጽሐፉ ኮዱን ፈልጌ አሰፍራለሁ። በሽተኛ አልነካም። ነጭ ጋዋን ግን እለብሳለሁ፤ የካርዱ አቧራ ሌላ ልብስ አያስለብስም። ገላን ኮንዶሚኒየም፣ እኛ ብሎክ፣ ያን ጋዋን እንደለበስኩ ደረጃ ስወጣ ያዩኝ ጎረቤቶች “ዶክተር” አሉኝ። መጀመሪያ ሰሞን “ኧረ እኔ ጸሐፊ ነኝ” እል ነበር። ኋላ ተውኩት። እውነቱን ለመናገር ደስ ይለኝ ነበር።

ከእኛ አንድ ፎቅ ዝቅ ብሎ ከእናቷ ጋር የምትኖር ልጅ ነበረች። ልብስ ፋብሪካ ትሠራለች። ሽማግሌ ተልኮ ሠርጓ ከፋሲካ በኋላ እንዲሆን ተቆርጧል፤ እናቷን ግን የልጃቸው ክሳት እንቅልፍ ነስቷቸዋል። “ቬሎው መስቀያ ላይ የተንጠለጠለ ሊመስል ነው” ይሉ ነበር። አንድ እሑድ ልጅቷ ደረጃ ላይ አስቆመችኝና የክኒን እሽግ አሳየችኝ።

“የሥራ ጓደኞቼ ያወፍራል ብለው ነው የሰጡኝ። ችግር አለው እንዴ ዶክተር?”

አነበብኩት፤ ዴክሳሜታዞን ይላል። ስሙን ከነኮዱ በቃሌ አውቀዋለሁ፤ ሰው ሠራሽ ሆርሞን መሆኑንም አውቃለሁ። ሰውነት ውስጥ ገብቶ የሚያደርገውን ግን አላውቅም ነበር። አላውቅም ማለት ደግሞ ከበደኝ።

“ችግር የለውም፤ ምግብ ያስበላል” አልኳት።

አፍ ሲያመልጥ ራስ ሲመለጥ አይታወቅም ይባላል። በወራት ውስጥ ፊቷ ሞላ፣ ጉንጯ ክብ ሆነ፤ እናቷ ባገኙኝ ቁጥር መረቁኝ። ሁዳዴ ሲገባ ልጅቷ ጸበል ጀመረች። ከጸበል ጋር መድኃኒት አይሄድም ብላ ክኒኑን በአንዴ ተወችው። ለካ ያን ያህል ጊዜ የተወሰደ ሆርሞን በአንዴ አይተውም፤ ሰውነቷ የራሱን ማመንጨት ረስቶ ነበር። ታስመልስ ጀመር፣ ወደቀች፣ እኛው ሆስፒታል ገብታ በሦስተኛው ቀን ሞተች።

ካርዷ እኔ ጠረጴዛ ላይ መጣ። በሆርሞን መድኃኒት ለሚደርስ ጉዳት የኮዱ መነሻ አንድ ነው፤ የምትለየው የመጨረሻዋ ቁጥር ናት። ሰው ያለ ትእዛዝ በስሕተት ከወሰደው መመረዝ ነው። ባለሙያ በወጉ አዝዞለት ከጎዳው ግን የጎንዮሽ ጉዳት ይባላል። መመረዝ ከሆነ ክኒኑ ከየት መጣ፣ ሌላስ ማን ይወስዳል ተብሎ ይጠየቃል። የጎንዮሽ ጉዳት ከሆነ ካርዱ መደርደሪያ ይገባል።

ሐኪሙ “በጤና ባለሙያ የታዘዘ” ብሎ ጽፏል። እናቷ ሲጠየቁ እንደዚያ እንዳሉ ገባኝ። ባለሙያው እኔ ነኝ።

ደንባችን ግልጽ ነው። የሐኪሙ ጽሑፍ ካጠራጠረን ቢጫ ወረቀት አያይዘን ካርዱን እንመልስለታለን። ቢጫውን ወረቀት አወጣሁ። “ማንም ሐኪም አላዘዘላትም” ብሎ ለመጻፍ አንድ መሥመር ይበቃ ነበር። መልሼ መሳቢያ ውስጥ ከተትኩትና የጎንዮሽ ጉዳቱን ቁጥር ጻፍኩ። የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ ማለት ይኼ ነው፤ የእኔን ጥፋት የሟቿ ሰውነት ተሸከመው። ያን ቀን ራሴን ተጸየፍኩት። ምሳዬን ግን በላሁ።

ለቅሶው ድንኳን ውስጥ እናቷ እጄን ይዘው፣ “አንተማ የምትችለውን አድርገህላት ነበር፣ ልጄ” አሉኝ። ቀና ብዬ ላያቸው አልቻልኩም።

ፋሲካ ካለፈ በኋላ፣ ከሥራ ስመለስ፣ እዚያው ፋብሪካ የምትሠራ ሌላ የብሎካችን ልጅ ደረጃ ላይ አገኘችኝ። ጉንጯ ክብ ሆኗል። ያን ክብ ፊት አውቀዋለሁ፤ ፈራሁ። ተይው ልላት አፌን ከከፈትኩ በኋላ፣ ያችኛዋን የጣላት በአንዴ መተዉ መሆኑ ትዝ አለኝ።

“ነገ አብረን ሐኪም ጋ እንሂድ” አልኳት።

“አንተ እያለህልን የምን ሌላ ሐኪም ነው?”

“እኔ ሐኪም አይደለሁም።”

ቀልድ መሰላት። “አይ ዶክተር!” ብላ እየሳቀች ወደ ቤቷ ገባች።