ፉጨቴን የወሰደች ወፍ

በጃንሆይ ጊዜ፣ በእኛ በእስቴ አገር፣ ሴት ልጅ ማፏጨት ነውር ነበር። እኔ ግን አፏጭ ነበር። ዛሬም ቢሆን ይቅርታ አልጠይቅበትም።

የጀመርኩት በበቅሎ ምክንያት ነው። አባቴ እግሩ ተሰብሮ ቤት ሲውል፣ ወንድም ስላልነበረኝ በቅሎውን ውኃ ማጠጣት የእኔ ሥራ ሆነ። በቅሎዋ ደግሞ አመለኛ ናት፤ ካላፏጩላት አፏን ውኃ አታስነካም። ሁለት ቀን ለመንኳት፣ ተቆጣኋት፤ ወይ ፍንክች። በሦስተኛው ቀን ግራ ቀኜን አየሁና አባቴ ሲያደርግ እንደሰማሁት አፏጨሁላት፦ ሁለት ረጅም፣ ሦስት አጭር፣ መጨረሻው ወደ ላይ ሳብ የሚል። ጠጣች። ከዚያ ወዲያ በየቀኑ አፏጨሁ። እውነቱን ለመናገር፣ እሷ ጠጥታ ከጠገበች በኋላም አላቆምም ነበር። ደስ ይለኝ ነበራ!

ምንጩ ከቤተ ክርስቲያኑ ደን ግርጌ ነው። ጽዱና ወይራው ጥቅጥቅ ከማለቱ የተነሣ በቀትርም ይጨልማል። ወፏን ያየኋት እዚያ ነው። ከድንቢጥ ትንሽ ከፍ ትላለች። ራሷ ጥቁር ሆኖ ከዓይኗ በላይ እንደ ቅንድብ የተሳበ ነጭ መስመር አላት፤ ከጉሮሮዋ እስከ ሆዷ ብርቱካንማ ናት። ዛፍ ጫፍ ላይ ወጥታ መታየት አትወድም። ከቀጋው ቁጥቋጦ ሥር ጅራቷን ከፍ ዝቅ እያደረገች ትዘልላለች፣ የረገፈ ቅጠል እየገለበጠች ትል ትለቅማለች፤ ሰው ሲጠጋት እልም ነው። የምትዘምረው ማለዳና አመሻሽ ላይ ነው። የራሷ ዜማ እያላት፣ የቆቁንም የጭልፊቱንም፣ የሰማችውን ሁሉ ታስመስላለች። ስሟን የሚነግረኝ ሰው አላገኘሁም።

አንድ ቀን ምንጩ ጋ ሳልደርስ ከቀጋው ውስጥ የራሴ ፉጨት መጣ። በቅሎዋ ከእጄ አምልጣ ሮጠችና ጠጣች። እኔ ሳቄን መቆጣጠር አቃተኝ።

ሳቁ ብዙ አልቆየም። በቅዳሴ ሰዓት ከደኑ ፉጨት ተሰማ ተባለ። ምንጭ ስንወርድ የምትሰማኝ አንዲት ጎረቤታችን፣ «የእሷ ነው፤ አውቀዋለሁ» ብላ መሰከረችብኝ። በሁዳዴ፣ አንድ ዓርብ፣ ቅዳሴ አልቆ ፀሐይ ዘቅዘቅ ሲል ከደጀ ሰላሙ ፊት አቆሙኝ። የደብሩ አለቃ ተቀምጠዋል፤ አባቴ ምርኩዙን ይዞ ከጎናቸው ተቀምጧል። ሁለተኛ እንዳላፏጭ ካልማልኩ፣ ከቅጽሩ እንዳልገባ፣ ከምንጩም እንዳልደርስ ሊገዝቱኝ ነው።

«ትምያለሽ ወይስ አትምዪም?» አሉኝ አለቃ።

«በቅዳሴ ሰዓት አላፏጨሁም፣ አለቃ። ለበቅሎዋ ግን አፏጫለሁ። ታዲያ ምን ብዬ ልማል?» አልኩ።

ያን ጊዜ ፉጨቱ ከደኑ ውስጥ መጣ። ሁለት ረጅም፣ ሦስት አጭር፣ ወደ ላይ ሳብ። ሁሉም አፌን አዩ። ነጠላዬን ከፊቴ ገለጥ አድርጌ ከንፈሬን ገጥሜ ቆምኩ። ወፏ ደገመችው። ጎረቤታችን አንገቷን ደፋች።

አለቃ ግን፣ «ይኸው! ወፏን እንኳ አባለግሻት» አሉ።

«እንግዲያው እሷንም ይገዝቷታ!» አልኩ።

ከኋላ አንድ ሰው ሳቁን በሳል ሸፈነው። አባቴ ምርኩዙን ተመርኩዞ ተነሣ። ሊመታኝ መስሎኝ ዓይኔን ጨፈንኩ።

«በቅሎዋ ጠምቷታል፤ ሂጂ አጠጫት» አለኝ።

«በምን ልታጠጣት ነው?» አሉ አለቃ።

«ያው በለመደችው ነዋ፣ አለቃ።»

አባቴን አምጥታ ከቅጽሩ ውጭ የታሰረችውን በቅሎ ፈትቼ ቁልቁል ወረድኩ። ማንም አልከለከለኝም። ሁሉም ጆሮአቸውን ወደ እኔ እንደጣሉ አውቃለሁ። ከንፈሬ ደርቆ የመጀመሪያው አልወጣልኝም፤ ምራቄን ዋጥሁና እንደገና፣ እስከ ደጀ ሰላሙ በሚሰማ ድምፅ አፏጨሁ። ከቀጋው ውስጥ መለሰችልኝ። በቅሎዋ ጠጣች።