ይሰማዎታል?

ሰመራ ቁጭ ብሎ ስለ አውሮፓ ክላሲካል ሙዚቃ ፍልስፍና መጻፍ በራሱ ያስቃል። ባልደረቦቼም አልማሩኝም፤ «በዚህ ፀሐይ ስለ ቫዮሊን?» ይሉኛል። እኔ ግን አንድ ሐሳብ መቀመጫ ነስቶኝ ነበር። ቃል የሌለው ሙዚቃ ትርጉም አለው ወይስ የለውም እያሉ ሊቃውንት ሲጨቃጨቁ ኖረዋል። ገሚሱ ድምፅ ከራሱ ውጭ የሚነግረን የለም ይላል፤ ገሚሱ ስሜት ነው ይላል። እኔ ደግሞ አማርኛ ክርክሩን ጨርሶታል ባይ ነኝ። ዜማ ይሰማናል፤ ብርድም፣ ሐዘንም ይሰማናል። ስሜት የሚለው ቃል ራሱ ከመስማት የወጣ ነው። እንግዲህ መስማትና ስሜት አንድ ናቸው፤ መጽሐፌ የቆመው በዚህ ላይ ነበር።

የመጨረሻው ምዕራፍ ላይ ስደርስ ግራ ጆሮዬ መጮህ ጀመረ። መጀመሪያ ቬንትሌተሩን ጠረጠርኩና አጠፋሁት፤ ላብ አጠመቀኝ እንጂ ጩኸቱ አልቆመም። ወንበር ቀየርኩ፣ ክፍል ቀየርኩ፣ በባጃጅ ጎረቤት ከተማ ሎግያ ድረስ ሄጄ ተመለስኩ። በቃሌ የማውቀውን ሙዚቃ በጆሮ ማዳመጫ ስከፍት በግራ በኩል ያሉት ቫዮሊኖች የሉም። ፈራሁ። ያለ ጆሮ እኔ ምንድን ነኝ?

ምሳ የምበላበት ቤት ባለቤት፣ የወሎ ሴት፣ ደጋግማ ጠርታኝ አልሰማት ስል ትሪዋን አስቀምጣ መጣች።

«ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው ሲሉ ተረት ይመስለኝ ነበር» አለች። «ኧረ መምህር፣ ሐኪም ይየው። ወላሂ ሳትታከም ብትመጣ ምሳ የለህም።»

አዋሽ ለምታስተምረው ባለቤቴ ደውዬ ልታይ መሆኔን ነገርኳትና ሆስፒታል ሄድኩ።

ሐኪሙ ወጣት ነው። ቀኝ ጆሮዬ ግራውን እንዳያግዘው በጣቱ እያሻሸ፣ ሹካ የመሰለ ብረት መትቶ እጀታውን ከግራ ጆሮዬ ኋላ አጥንቱ ላይ አሳረፈ።

«ይሰማዎታል?»

«አዎ።»

ብረቱን ወደ ጆሮዬ ደጃፍ አዞረው። «አሁንስ?»

«አሁን የለም።»

ፊቱ ፈካ። «ነርቩ ደህና ነው ማለት ነው። የድምፁ መንገድ ተዘግቶ ነው፣ ይታከማል፤ አይጨነቁ።»

ተመስገን ብዬ ተነሣሁ። በሩ ጋ ስደርስ ቆምኩ። አጥንቴ ላይ የነበረው ምን ነበር? ብረቱ ሲንቀጠቀጥ አውቄዋለሁ። ድምፅ ግን ነበረው? ዝም ብዬ ብወጣ ደህና ሰው ሆኜ ነበር የምወጣው። ግን ወደ እሱ ዞርኩ።

«ዶክተር» አልኩ፣ «የተሰማኝ ንዝረቱ ነው፤ ድምፁ አልተሰማኝም።»

አስቀመጠኝና እንደገና ሞከረ። አሁን «ይሰማዎታል» አላለም፤ «ድምፅ አለ?» እያለ ነበር የሚጠይቀኝ። የለም፣ የለም እያልኩ ጨረስን።

«ነርቩ ነው» አለ ቀስ ብሎ። «አዲስ አበባ ይዩልዎ። የሄደው ግን ይመለሳል ብዬ አልዋሽዎትም።»

ውጭ ወጥቼ ለባለቤቴ ደወልኩ። ሃሎ አልኩ፤ መልስ የለም። ደግሜ ሃሎ አልኩ። ኔትወርኩን እየረገምኩ ስልኩን ልዘጋ ከግራ ጆሮዬ ሳነሣው፣ ድምፅዋ ከእጄ መሐል ሲጮህ በቀኜ ሰማሁት።

«አለሁ እኮ፣ አለሁ እያልኩህ ነው። ምነው አትመልስልኝም?»