ጥርስ ሊያዩሽ ነው ያልኳት ልጅ

እኛ ዘንድ ለታማሚ የሚያስደነግጥ ነገር አይነገርም። ስለዚህ የስድስት ዓመቷ ልጄ ሶስና ቶንሲሏ በኦፕራሲዮን የሚወጣበት ቀን ሲደርስ፣ «ጥርስሽን ሊያዩሽ ነው» ብዬ ከምንኖርበት ከስኮትዴል ይዣት ወጣሁ። እናቷ ሥራ ነበረች። ሆስፒታሉ ደርሼ ፓርክ ለማድረግ ሦስቴ ሞከርኩ።

ክፍል ገብተን ትንሽ እንደቆየን አንዲት ፈገግተኛ ሴት መጣች። ሥራዋ ከኦፕራሲዮን በፊት ልጆችን ማረጋጋት ነው። አንድ እጇ ላይ አሻንጉሊት፣ ሌላው ላይ የማደንዘዣ ጭንብል ይዛለች።

መቆሚያ መቀመጫ አጣሁ። ከሶስና ጀርባ ቆሜ «እንዳትነግሪያት!» ለማለት እጄን አወናጨፍኩ፣ ጭንቅላቴን ነቀነቅኩ፣ በውሸት ሳልኩ። ሴትየዋ ግን ጎንበስ ብላ፣ «ዛሬ ለምን እንደመጣሽ ታውቂያለሽ?» አለቻት።

አለቀልኝ አልኩ።

ሶስና የሴትየዋን እጅጌ ሳብ አድርጋ በእንግሊዝኛ አንሾካሾከችላት፤ ሹክሹክታዋ ግን ኮሪደር ድረስ ይሰማል።

«ቶንሲሌ ሊወጣ ነው፤ እማዬ ነግራኛለች። አባዬ ግን ለጥርስ የመጣን ነው የሚመስለው። እንዳትነግሪው እሺ? በጣም ይፈራል።»

ሴትየዋ ቀና ብላ አየችኝ። ከዚያ ቀስ ብላ መጥታ አሻንጉሊቱን እኔን አስታቀፈችኝ።