የሃያ አምስት ዓመት ቤት

መንዝ ውስጥ፣ ከሞላሌ ከተማ በላይ ካለው መንደራችን የወጣሁበት ማታ የኅዳር ውርጭ ነበር። ደርግ ወድቆ መንግሥት ከተለወጠ ስድስት ወር ቢሆነው ነው። እኔ የቀድሞው ጦር ወታደር ስለነበርኩ፣ ዛሬ ይጠሩኛል ነገ ይወስዱኛል ስል ሰንብቼ፣ ወደ ኬንያ ከሚሻገሩ ሁለት ጓደኞቼ ጋር ልሄድ ቆረጥኩ። ትዳሬ እኔ ግንባር ሳለሁ ፈርሷል፣ ልጅም የለኝ። የቀረኝ ታናሽ ወንድሜ ሽፈራው ነው። ከእሱ ቤት አጠገብ አባታችን ለእኔ የለየልኝ የቤት ቦታ አለ፤ ድንጋዩ ተለቅሞ፣ መሠረቱ ሳይቆፈር የቀረ። እዚያ ላይ ቆመን ስንሰነባበት፣ ይቺን ጠብቅልኝ፣ ቢበዛ አሥር ዓመት ነው፣ ተመልሼ ቤቴን እሠራባታለሁ አልኩት። እኔ እያለሁ ማንም አይነካትም አለኝ። እግዜር ይስጠው፣ ቃሉን ጠብቋል። ያልጠበቅሁት እኔ ነኝ፤ ይህን የምጽፈውም እንዴት እንደሆነ አገር ቤት ያላችሁም፣ እዚህ አብራችሁኝ ያላችሁም እንድታውቁት ነው።

የመንገዱን ነገር አላስረዝመውም። ሞያሌ ላይ ታመምኩ፣ ኬንያ የስደተኛ ካምፕ ገባሁ። እዚያ ወርቅነህ የሚባል የቀየት ሰው አገኘሁ። እንደ እኔው የመንዝ ልጅ መሆኑን ያወቅሁት ገና አፉን ሲከፍት ነው። ሁለት ዓመት አንድ ብርድ ልብስ ለሁለት ለብሰናል። በኋላም ዕድላችን አንድ ላይ ወጣና በአንድ አውሮፕላን ካናዳ፣ ኤድመንተን ከሚባል ከተማ ገባን። እኔ የጓሳን፣ የዚያን የደጋ ሣር ምድራችንን ብርድ ያየሁ ሰው ነኝ፣ ብርድ ምን ያደርገኛል እል ነበር። ከአየር ማረፊያው ስወጣ የአፍንጫዬ ውስጥ ፀጉር ሲደርቅ ተሰማኝ። ጓሳ ላይ ፀሐይ ስትወጣ ውርጩ ይለቃል። እዚህ ፀሐይዋ ትወጣለች፣ ታበራለች፣ ግን አትሞቅም፤ ለደንቡ ያህል ነው የምትወጣው።

ሆስፒታል ወለል የማጽዳት ሥራ አገኘሁና የአንድ ፖላንዳዊ ሽማግሌ ቤዝመንት ተከራየሁ። ቤዝመንት ማለት ከቤቱ ሥር የተቆፈረ ቤት ነው፤ እኛ ገብስ የምንቀብርበትን ጉድጓድ መስኮት አውጡለትና አስቡት። ገብስን ካነሣሁ አይቀር፣ እዚህ ገብስ በትንሽ ላስቲክ ተቋጥሮ እንደ መድኃኒት ይሸጣል። በሶ ላደርገው ቆላሁት። ሽማግሌው እያነጠሰ ደረጃውን ወረደ።

"ምንድን ነው የሚቃጠለው?"

"አልተቃጠለም። የአገሬ ምግብ ነው።"

"የሚበላ ከሆነ ለምን እንዲህ ትቀጣዋለህ?" ብሎ ወጣ። በሚቀጥለው ወር ኪራዩ ላይ ሃያ ዶላር ጨመረ። ምነው ብለው፣ ለሽታው ነው አለኝ። እንግዲህ እኔ የሽታ ኪራይ የከፈልኩ ሰው ነኝ።

ቢሆንም ግድ አልነበረኝም፤ እመለሳለኋ። ከደመወዜ እያስቀመጥኩ በስምንት ዓመት አሥራ ስድስት ሺህ ዶላር ሆነልኝ። በዚያ ገንዘብ ቦታዬ ላይ ቤቴን ሠርቼ፣ ሞላሌ ገበያ የበግ ፀጉር እየነገድኩ መኖር ይበቃኝ ነበር። አሥሩን ዓመት ካናዳ ከገባሁበት ቀን እቆጥረው ነበርና፣ ሁለት ዓመት ብቻ ቀርቶኛል እያልኩ ሳለ ነው ወርቅነህ ቤት የገዛው።

ቄስ ጠርቶ ቤቱን ጠበል አስረጨ፣ እኛንም አበላን። ትንሽ ቤት ናት፤ ሁለት መኝታ፣ ጓሮ፣ ጋራዥ የሚሉት የመኪና ማደሪያ። እጁ ላይ ያለችውን ትንሽ ነገር ጫን ሲያደርግ የጋራዡ በር ብቻውን ወደ ላይ ይሄዳል። ሰው ሁሉ እልል አለ። እኔም እልል አልኩ፣ ዓይኔ ግን ከጋራዡ በር አልተነሣም። አንድ ብርድ ልብስ ስንጎታተት የኖርን ሰዎች አይደለን? ምን በለጠኝ? እሱ አውቶቡስ ያጥባል፣ እኔ ወለል አጥባለሁ። ከዚያ ቀን ወዲያ እንቅልፍ የለም። በረዶ በጣለ ቁጥር በደጁ ሳልፍ በአካፋ ሲዝቅ አየዋለሁ፤ የሚዝቀው በረዶ እንኳ የራሱ ነው። ለነፍስ አባቴ ተናግሬ አርባ ስግደት ታዘዝኩ። ሰገድኩ፤ ግን ግንባሬ መሬት ሲነካም የሚታየኝ ያ ጋራዥ ነበር።

በመጨረሻ ለማንም ሳልነግር ባንክ ሄድኩ። ወርቅነህን እንዳልጠይቀው ቅናቴ ከለከለኝ፤ ድንገት ሰምቶ እንዲደነግጥልኝ ነበር የፈለግሁት። የባንኩ ሰው ፈገግታው አያልቅም። በወር ስንት መክፈል ትችላለህ አለኝ እንጂ፣ ጠቅላላው ስንት ይሆናል የሚል ነገር ከእሱም አልወጣ፣ ከእኔም አልወጣ። ሞርጌጅ ይሉታል፤ ቤቱን ራሱን መያዣ አድርገህ ቤቱን የምትገዛበት ብድር ነው። አሥራ ስድስት ሺዬን ሰጥቼ መቶ አርባ አራት ሺህ ተበደርኩ። ቤቱ ሦስት መኝታ ነበረው፣ ከወርቅነህ በአንድ ይበልጣል። ዓመቱ በረዘመ ቁጥር የወሩ ክፍያ ሲያንስ አየሁና ረጅሙን፣ ሃያ አምስት ዓመቱን መረጥኩ። በወር አንድ ሺህ አሥራ ስምንት ዶላር።

አገሬ መመለሱን የተውኩት እንዳይመስላችሁ። በእኛ አገር ለዘር የሚሆን ገብስ የተበደረ ሰው ሲመልስ እንዴት ነው? አሥር ቁና ከወሰደ፣ አስቀድሞ የሚሰፈረው ያው የወሰደው አሥር ቁና ነው። ቃል የገባው ጭማሪ ካለ በስተመጨረሻ ይመጣል። በስተመጨረሻ ደግሞ ሽማግሌ ይገባና፣ ዘንድሮ ውርጭ መትቶታል ተወው ተብሎ ግማሹ ይቀራል። እኔ ባንክም እንዲሁ መሰለኝ። አንድ ሺህ አሥራ ስምንት ስከፍል ከዕዳዬ አንድ ሺህ አሥራ ስምንት የሚነሣ መሰለኝ። ስለዚህ አምስት ዓመት እቆይና፣ ከስልሳ ሺህ በላይ ከፍዬ፣ ቤቱን ሸጬ፣ የከፈልኩትን ይዤ ሞላሌ እገባለሁ አልኩ። ወለዱን ያን ጊዜ እንነጋገራለን።

አምስት ዓመት ሁለት ፈረቃ ሠራሁ። ግብሩ አለ፣ መድኑ አለ። ማሞቂያው በጥር ተሰበረ። ጣሪያው ሬንጅ የተነከረ ወረቀት ኖሯል፣ ነፋስ ገነጠለው፤ የጓሳ ሣር ክዳን ስንት ዘመን እንደሚቆይ ለሠራተኛው ብነግረው ሳቀ። ቤቱን ራሴ የማየው ስተኛ ብቻ ነበር። ያም ሆኖ እሑድ እሑድ ቤተ ክርስቲያን ከወርቅነህ ጎን ስቆም ሦስት መኝታዬን አስታውሼ ደረቴን እነፋ ነበር።

ሃያ አምስት ዓመቱ በየአምስት ዓመቱ የሚፈረም ኖሯልና፣ አምስት ዓመቱ ሲሞላ ውሉ ይታደሳል የሚል ደብዳቤ መጣ። ባንክ ሄድኩ። የተቀበለችኝ ሌላ፣ ወጣት ሴት ናት፤ ጨዋ ልጅ። ዕዳዬ ስንት ቀረ አልኳት። መቶ ሠላሳ አንድ ሺህ ከምናምን አለችኝ። የሌላ ሰው ወረቀት ይዛ ይሆናል ብዬ ስሜን ደግሜ ነገርኳት። ወረቀቱ የእኔው ነው። እስከዚያ ቀን የከፈልኩት ስልሳ አንድ ሺህ ነው፤ ከዕዳው የቀነሰው ግን አሥራ ሦስት ሺህ እንኳ አይሞላም።

"ሌላውስ የት ሄደ?"

"ወለድ ነው፣ ሚስተር በላቸው።"

"ወለዱ መጨረሻ ላይ አይደለም?"

"በየወሩ አስቀድሞ የሚነሣው ወለዱ ነው። ከዚያ የተረፈው ነው ዕዳዎን የሚቀንሰው። መጀመሪያ ላይ ዕዳው ብዙ ስለሆነ ወለዱም ብዙ ነው።"

እስከ ሃያ አምስተኛው ዓመት ብከፍል ጠቅላላው ስንት ይሆናል አልኳት፤ መጀመሪያ ቀን መጠየቅ የነበረብኝን። ማሽኗን ነካካችና፣ ወለዱ ባይለወጥ ሦስት መቶ አምስት ሺህ ያህል አለች። አሥራ ስድስት ሺህ ስጨምርበት የሁለት ቤት ዋጋ ሆነብኝ።

"ታዲያ ሁለተኛው ቤት የት አለ?" አልኳት።

ቀልድ መስሏት ሳቀች። እኔ ግን አልቀለድኩም። በእኛ አገር እንዲህ ያለ ነገር ሲገጥም ሽማግሌ ይላካል፣ ሦስት ሰው ባመጣ ወለዱን ታስቀንሱልኛላችሁ ወይ ብዬ ጠየቅኋት። ሰዎቹ ጠበቆች ናቸው ወይ አለች። አይደሉም፣ አንደኛው ቄስ ናቸው አልኳት። ቄሱ እኛ ጋ ሒሳብ አላቸው ወይ አለችኝ። ትቼው ተነሣሁ። መሸጥ እንደምችል ግን በሩ ድረስ ሸኝታኝ ነገረችኝ። የደላላውና የጠበቃው ተከፍሎ፣ ያችው አሥራ ስድስት ሺህና ትንሽ ፍርፋሪ ትተርፈኛለች። አምስት ዓመቴን አጣሁ እንጂ አገሬ መግቢያዬን አላጣሁም ማለት ነው። ይህን ልብ በሉ፤ በሩ ያን ቀን አልተዘጋብኝም ነበር።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ለወርቅነህ ተነፈስኩለት። እሱ መጀመሪያውኑ ጠቅላላውን ቁጥር ጠይቆ፣ ደንግጦ፣ ለዚያ ነው ትንሿን ቤት የገዛው። አሥራ አምስት ዓመት ተዋውሎ፣ ቤዝመንቱን ለሁለት ተማሪዎች አከራይቶ፣ ያገኘውን ትርፍ ሳንቲም ሁሉ ዋናው ዕዳ ላይ ይወረውረዋል። ሊጨርስ ምንም አልቀረው። ይባስ ብሎ ባለፈው ፋሲካ አገሩ ቀየት ደርሶ መጥቷል።

"አንተ ቤዝመንትህን ለማን ነው ያስቀመጥከው? ለአይጥ?" አለኝ።

"ለምን አልነገርከኝም?"

"መቼ ጠየቅኸኝ? ቤት መግዛትህንስ ከሰው አይደል የሰማሁት?" ካለ በኋላ ድምፁን ዝቅ አደረገ። "በላቸው፣ ሽጠውና ግባ። አንተን አገር ነው የናፈቀህ። ይህ ቤት አይሆንህም።"

ዛሬ ሳስበው ያ ሰው እንደ ወንድም ነው የመከረኝ። ያን ጊዜ ግን የሰማሁት ሌላ ነው። በላቸው አቅቶት ሸጠ፣ ባዶ እጁን ገባ ብሎ ሲያወራብኝ፣ እሱ ጋራዡን ሲከፍት ሲዘጋ ነው የታየኝ። በማግስቱ ሄጄ ውሉን ለማደስ ፈረምኩ። ወረቀቱን እጄ ላይ እንዳለ አየሁት፤ የቀረው ሃያ ዓመት ነው። ሲያልቅ ሰባ ሦስት ዓመት ይሆነኛል።

ከዚያ በኋላ ባለችው የገበያ ቀን ሽፈራው ሞላሌ ቴሌ መጥቶ ጠበቀኝ፤ በካርድ ደወልኩ። ሰላምታው ካለቀ በኋላ ወደ ጉዳዩ ገባ።

"ጋሼ፣ ቅር አይበልዎትና አንድ ነገር ልጠይቅዎ። የእርስዎን ቦታ ቀበሌው ባዶ አይቀመጥም እያለ አስቸገረኝ። ጌታሁን ደግሞ ሊያገባ ነው።" ጌታሁን የበኩር ልጁ ነው፤ ስወጣ ሰባት ዓመቱ ነበር። "እርስዎማ እግዚአብሔር ይመስገን ቤት ሠርተዋል። የላኩትን ፎቶ ያላየ ሰው የለም። እመለሳለሁ ካሉ እንደምንም አቆየዋለሁ። አይ ካሉ ልጁ ጎጆውን ይቀልስበት።"

ፎቶውን ለምን እንደላክሁት አትጠይቁኝ። ቤቱ ስንት ቀን ይፈጃል አልኩት።

"ድንጋዩ ተለቅሟል። ጓሳ ለአጨዳ ሲከፈት ድርሻችንን የክዳን ሣር አጭደናል። ሰዉ ደቦ ከወጣልን ከሳምንት አያልፍም።"

"ዕዳውስ በስንት ጊዜ ያልቃል?"

"የምን ዕዳ?" አለኝ። "ለወጣልን ሰው በተራችን እንወጣለታለን እንጂ።"

ሳምንት። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ በዚያ ልጅ የቀናሁትን ያህል በወርቅነህም አልቀናሁም። ያደገ መልኩን በማላውቀው፣ ሥጋዬ በሆነ ልጅ። ይቆይልኝ ልል አፌ ላይ ደርሶ ነበር፤ ግን ሃያ ዓመት አቆይልኝ ተብሎ ይነገራል? ይሥራበት፣ የእኔም ምርቃት ይድረሰው አልኩት። በሩን ወደ ጓሳ እንዳያዞሩት፣ ነፋሱ እንደሚያስቸግር፣ ምድጃውን ከግራ እንዲያደርጉት፣ ለራሴ ያሰብኩትን አንድም ሳላስቀር ነገርኩት። እሺ፣ እሺ ጋሼ ይለኛል። ድምፁ ቀለለ።

"ለእርስዎም መደብ እንሠራለን። መቼ ነው የሚመጡት?"

ካርዱ ሊያልቅ ድምፅ ሰጠ።

"ጥቂት ነው የቀረኝ" አልኩት።

ቴሌ ውስጥ አብረውት ተራ ለሚጠብቁት ሰዎች፣ ደስ ብሎት፣ ጥቂት ነው የቀረኝ ይላሉ እያለ ሲነግራቸው ይሰማኝ ነበር፤ ከዚያ መስመሩ ተቋረጠ።