በኒካኖራ እጅ የተቀበረው

የአሳማ ስም ሲነሣ ፊቱን የሚያጨፈግግ አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። ይታገሠኝ፤ ብላ አላልኩትም፣ ስማ ነው ያልኩት። በእኛ አገር በዩካታን ያለ አሳማ ሠርግ አይደገስም፣ ሙትም አይዘከርም። የማወራው ከቫላዶሊድ ከተማ ወጣ ብሎ ባለው መንደራችን ስለምትኖረው ስለ ዶኛ፣ ማለትም ስለ ወይዘሮ፣ ኒካኖራ ዊካብ ነው፤ ስለ እሷ ሲወራ ደግሞ ጉድጓዷን መዝለል አይቻልም።

ኮቺኒታ የምንለው የአሳማ ምግባችን ወጥም አይደለም፣ ጥብስም አይደለም። ሥጋው ቀዩን የአቾቴ ቅመም፣ ነጭ ሽንኩርቱንና የኮምጣጣ ብርቱካን ጭማቂውን ጠጥቶ ያድራል። በሙዝ ቅጠል ይጠቀለላል፣ ድንጋዩ በፍም ወደ ጋለ ጉድጓድ ይገባል፣ በቆርቆሮ፣ በጆንያና በአፈር ይደፈናል። ሲወጣ ቢላ አይፈልግም፤ በጣት ሲነኩት ክር ክር እያለ ይተረተራል። ከጎኑ የተጠበሰ ሀባኔሮ ቃሪያ ተወቅጦ ይቀርባል። ሚጥሚጣ ለምጃለሁ ባይ እንኳ እሱ ፊት እንባውን ይጠርጋል።

በመንደሩ ደንብ ቅመሙ የሴት፣ ጉድጓዱ የወንድ ነው። ሴት የቀበረችው ጥሬ ይወጣል ይባላል። ስለዚህ ኒካኖራ ዕድሜዋን ሙሉ ስትወቅጥ፣ ስትጨምቅና ስትጠቀልል ኖራ፣ እሁድ እሁድ ከደጃፋቸው ገዝቶ ሊበላ የሚመጣው ሁሉ "የዶን ሜልቾር እጅ ይባረክ" ብሎ ይሄድ ነበር። ባሏ ሜልቾር ክፉ ሰው አልነበረም። ምርቃቱን ግን አንድም ቀን አካፍሏት አያውቅም።

በኋላ ሜልቾርን ወገቡን ያዘው፤ መጎንበስ አቃተው። ያኔ ቅዳሜ ቅዳሜ አካፋውን ይዞ የግቢው በር ላይ ይቆማል፣ አላፊ አግዳሚውን ሰላም ይላል። ከቤቱ ጀርባ የምትቆፍረው፣ የምታነደውና የምትደፍነው እሷ ናት። "ለሰው እንዳትነግሪ" ብሎ አስማላት። ዝም አይነቅዝም ብላ አራት ዓመት ያዘችው። በማግስቱ በላተኛው ጣቱን እየላሰ "ዶን ሜልቾር፣ ዘንድሮስ እጅህ ባሰበት" ሲል ግን አንጀቷ ያርር ነበር። ይህን እኔ አልጨመርኩበትም፣ ራሷ የነገረችኝ ነው።

ሜልቾር ሞቶ የመቃብሩ አፈር ሳይደርቅ ወንድሙ ዶን ፌርሚን መጣ። ፌርሚን ድምፁ ከአካሉ የሚበልጥ ሰው ነው። "አይዞሽ ኒካኖራ፣ እኔ አለሁልሽ። አንቺ ቅመሙን ቀምሚ፣ ጉድጓዱን ለኔ ተዪው" አለና የእሁዱን ገበያ ከነስሙ ወደ ራሱ ግቢ ወሰደው። ሐዘን አድቅቋት ስለነበር አልተከራከረችም። ዓመቱን ሙሉ እሷ ሥጋውን ቀምማ በሳፋ ስታደርስ፣ እሱ "የወንድሜን ሙያ የወረስኩት እኔ ነኝ" እያለ ሸጠ።

የሜልቾር ሙት ዓመት በደረሰ ዕለት ማለዳ፣ ፌርሚን አካፋውን ተሸክሞ፣ የመንደሩን ወንዶች አስከትሎ ግቢዋ ገባ። ሚስቱ ዶኛ ሊብራዳም እንደ ልማዷ አንገቷን ደፍታ ከኋላው ነበረች። ኒካኖራ ጉድጓዱ አፍ ላይ ቆማለች። እሳቱ ነድዶ ፍም ሆኗል፣ ድንጋዩ ግሏል።

"ማን አነደደው?" አለ ፌርሚን።

"እኔ።"

"ደግ አደረግሽ። በይ አሁን ዞር በይ።"

"አልዞርም። ለባሌ ሙት ዓመት የምቀብረው እኔ ነኝ።"

ወንዶቹ ሳቁ። ፌርሚን ግን አልሳቀም። "አንቺ ሴት፣ መንደሩ በሙሉ ተጠርቷል። ቄሱ ሳይቀሩ ይመጣሉ። ጥሬ ሥጋ ልታበያቸው ነው?"

"ጥሬ ከወጣ ጉድጓዱም ቅመሙም ላንተ ይሁን፤ ሁለተኛ እጄን አልከትበትም። ከበሰለ ግን እሁድ ወደዚህ ግቢ ይመለሳል።"

"ሰማችሁ አይደል?" አለ ፌርሚን ወደ ወንዶቹ ዞሮ። "ሴት ቢያውቅ በወንድ ያልቅ አሉ። እሷ ጭራሽ ልትጀምርም ልትጨርስም ነው። ደሞ ተቆጥታለች። ተቆጥቶ የቀበረ ሰው መቼ በስሎለት ያውቃል?"

"ቁጣዬ ማገዶ ይቆጥብልኛል" አለችው።

በቅጠል የተጠቀለለውን ሥጋ ራሷ አወረደች፣ ቆርቆሮውን ከደነች፣ ጆንያውን ደረበች፣ አፈሩን መለሰች። ጨረሰች ሲባል በስተግራ ቀጭን ጭስ ሾለከ። ጭስ ከወጣ ሙቀቱ ወጣ፣ ሙቀቱ ከወጣ ሥጋው ጥሬ ቀረ ማለት ነው። ፌርሚን በጣቱ አሳየ። ኒካኖራ በሐዘን ቀሚሷ ተንበርክካ እርጥብ አፈር እየዘገነች በባዶ እጇ ደፈነችው። በሌላ በኩል ሾለከ፤ እሱንም ደፈነች። መዳፏ ተቃጥሎ ውሃ ቋጠረ። ጭሱ ጭራሽ እስኪጠፋ ከዚያ አልተነሣችም።

ከቤት ውስጥ ጸሎቱ ሲጀመር እንኳ አልገባችም፤ ጉድጓዱ ራስ ላይ በርጩማዋን አድርጋ ተቀመጠች። "ባሏን ረስታ ሥጋ ትጠብቃለች" ብለው አሟት። እሷ ግን ፈርታ ነበር። እጇን ታምናለች፤ ነገር ግን ዓመት ሙሉ አልቀበረችም፣ በዚያ ላይ የሾለከው ጭስ ምን ያህል ሙቀት ይዞ እንደሄደ ማን ያውቃል።

ከሰዓት በኋላ እንግዳው ሁሉ በተሰበሰበበት አፈሩን ገልጣ፣ ቆርቆሮውን አንሥታ ቅጠሉን ፈታችው። በሁለት ጣቷ ነካ ስታደርገው ሥጋው ያለ ትግል ተተረተረ። የመጀመሪያውን ሳህን በበቆሎ ቂጣ አድርጋ፣ ሀባኔሮውን ጨምራ፣ ለፌርሚን ሰጠችው። ሰው ሁሉ አፍ አፉን ያያል። ፌርሚን ጎረሰ፣ አላመጠ፣ ዓይኑ እንባ አቀረረ።

"የወንድሜ እጅ ነው" አለ። "ራሱ ነው። ሜልቾር ከመቃብር ሆኖ ረዳት።"

ወንዶቹ አማተቡ። "ነፍሱን ይማር፤ ዛሬም አልተዋትም" አለ አንዱ።

ኒካኖራ ዝም ብትል ትችል ነበር። ሥጋው በስሏል፣ እሁድም ተመልሶላታል። ግን በሕይወቱ ሲወስደው የኖረውን ምርቃት ሞቶም ሊወስደው መሆኑን ስታይ በዛባት።

"ሜልቾር በቁሙ ያልቆፈረውን ሞቶ ይቆፍራል?" አለች። "ወገቡን ከያዘው ጀምሮ የቀበርኩት እኔ ነኝ። ይባረክ ስትሉት የነበረው የኔ እጅ ነው። እንዳልናገር አስምሎኝ ነበር። ይቅር ይበለኝ፤ ካላለኝም እዚያው ስሄድ እንነጋገራለን።"

"የሞተ ሰው ስም ታጎድፊያለሽ?" አለ ፌርሚን። "ስትቀብሪ ማን አየሽ?"

"እኔ አይቻታለሁ" አለች ጎረቤቷ ዶኛ ኤድቪሄስ። "ቅዳሜ ቅዳሜ በድንጋይ አጥሩ በኩል የማየው የሷን ቂጥ ነው እንጂ የሜልቾርን አልነበረም።"

"ታዲያ እስከ ዛሬ ለምን ዝም አልሽ?"

"የኔው ሰውዬ ሲሰክር ማን የሚቀብር ይመስልሃል?"

ባሏ ሳህኑ ውስጥ አቀረቀረ። ሴቶቹ መሳቅ ሲጀምሩ ሊብራዳ ሳህኗን መሬት ላይ አስቀመጠች። ድምፅዋን ብዙ ሰው አያውቀውም ነበር።

"ፌርሚን፣ ባለፈው ቅዳሜ ማን ነው የቀበረው?"

"ሊብራዳ፣ ዝም በይ።"

"እኔ ነኝ። ከዚያ በፊትም እኔ ነኝ። አንተ በር ላይ ቆመህ ሰላምታ ትሰጥ ነበር።"

ፌርሚን ዓይኑን ሳህኑ ላይ ተከለ። ከወንዶቹም ቀና ያለ አልነበረም፤ እያንዳንዱ ቀጥላ የምትናገረው ሚስቱ እንዳትሆን እየሰጋ ይበላል። ኒካኖራ ውሃ በቋጠረው እጇ ለሊብራዳ ሌላ ሳህን ሞልታ ሰጠቻት።

"ቅዳሜ ልምጣ?" አለች ሊብራዳ።

"ነይ። አካፋሽን ይዘሽ ነይ" አለቻት ኒካኖራ። "ከእንግዲህ ግን ከቤቱ ጀርባ አንቆፍርም። ደጃፉ ላይ፣ መንገዱ ዳር ነው የምንቆፍረው።"